የንግድ ክስ ከገባ በኋላ ጉድለት ሲገኝ፦ ክስና መልስ እንዴት ይሻሻላል?

ክሱ ገብቷል፣ የዳኝነት ክፍያ ተከፍሏል፣ መጥሪያም ወጥቷል። ይሄኔ ነው እንግዲህ የሒሳብ ክፍሉ ሰው ደውሎ «ያቺ የመጨረሻዋ ርክክብ እኮ አልተቆጠረችም» የሚለው። ወይ የተከሳሹ መልስ ይመጣና «የተከሰሰው የንግድ ስም ነው፣ የንግድ ስም ደግሞ ሊከሰስ አይችልም» ይላል። ወይ ደግሞ ክሱን ረጋ ብላችሁ ስታነቡት ወለድ የሚባል ነገር ጭራሽ አልተጠየቀም። በንግድ ክርክር ይሄ ብርቅ አይደለም። ሰነዱ ብዙ ነው፣ ክፍያው የተቆራረጠ ነው፣ ክሱ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ በጥድፊያ ነው የሚጻፈው።

ሕጉ ለዚህ መላ አለው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 91 ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት ክስም ሆነ መልስ በፍርድ ቤቱ ፈቃድ ሊሻሻል እንደሚችል ይደነግጋል፤ ፍርድ ቤቱ ራሱ አስፈላጊ ሆኖ ካገኘውም ማዘዝ ይችላል። ብዙ ሰው ይህን ያነብና «እንግዲህ እስከ ፍርድ ድረስ ጊዜ አለኝ» ብሎ ይዘናጋል። እውነት ነው፣ ሕጉ እስከዚያ ድረስ በሩን አልዘጋም። ፈቃጁ ግን ዳኛው ነው፤ ዳኛ ደግሞ ምስክር ተሰምቶ ባለቀ መዝገብ ላይ የክስ ማሻሻያ ሲመጣበት ፊቱ አይፈታም። የኔ ምክር አጭር ነው፦ ቶሎ ጠይቁ፣ አንዴ ጠይቁ፣ የምትነኩትንም ዓረፍተ ነገር በጣት አሳዩ። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ የዚህ ዝርዝር ነው።

1. በእርግጥ ማሻሻያ ነው የሚያስፈልጋችሁ?

ከግማሽ በላይ የሚሆነው ልፋት የሚድነው እዚህ ላይ ይመስለኛል። ማሻሻያ የማያስፈልገው ነገር ላይ ማሻሻያ ጠይቆ ሁለት ቀጠሮ ማቃጠል የተለመደ ነው።

የሕግ ቁጥር ተሳስቶ ከሆነ ተዉት። በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 80 መሠረት የክርክር ጽሑፍ መያዝ ያለበት ለክርክሩ መሠረት የሆኑትን ፍሬ ነገሮች በአጭሩ ነው። ሕጉን ማወቅ የዳኛው ሥራ ነው። «የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1790 ማለት ሲገባኝ 1890 ብዬ ጽፌያለሁ» ብላችሁ ክስ ላሻሽል አትበሉ፤ በቃል ክርክር ላይ ማረም ይበቃል።

የፊደል ወይም የቀን ግድፈት ከሆነም እንዲሁ። ሌላው ሰነድ እውነተኛውን ቀን የሚያሳይ ከሆነ በቀጠሮው ቀን አስመዝግባችሁ ታልፉታላችሁ። ለጥንቃቄ አንድ አንቀጽ የሆነች የማስተካከያ ማመልከቻ ብታስገቡ አይከፋም።

የጎደለው ማስረጃ ከሆነ መንገዱ ሌላ ነው። ክሱ ላይ ያልተዘረዘረ ሰነድ ወይም ምስክር ለመጨመር የሚሄዱት በቁጥር 91 ሳይሆን በቁጥር 137 እና 256 በኩል ነው፤ እዚያ የሚጠየቀው ማስረጃው በጊዜው ለምን እንዳልቀረበ ነው። ሰነዱ በባንክ ወይም በመንግሥት መሥሪያ ቤት እጅ ከሆነ ደግሞ በቁጥር 145 መሠረት ፍርድ ቤቱ እንዲያስቀርብላችሁ ነው የምትጠይቁት። ሰዎች እነዚህን ሦስቱን ይደባልቁና «ክሴን አሻሽዬ ማስረጃ ልጨምር» ይላሉ። ከዚያ ዳኛው «የተሻሻለው ፍሬ ነገር የቱ ነው?» ብሎ ሲጠይቅ መልስ የለም።

ነገሩ ግልጽ ያለመሆን ጉዳይ ብቻ ከሆነም ትንሽ ታገሡ። በመጀመሪያው ቀጠሮ ፍርድ ቤቱ በቁጥር 241 መሠረት ግራ ቀኙን በቃል ይጠይቃል። ጭብጥ (ግራ ቀኙ የሚለያዩበት፣ ፍርድ ቤቱ የሚወስነው ነጥብ) የሚመሠረተውም ከክስና ከመልስ ብቻ አይደለም፤ ቁጥር 248 በቃል የተባለውንና የቀረበውን ሰነድም ይጨምራል። ጭብጡ ራሱ በቁጥር 251 መሠረት ከፍርድ በፊት ሊሻሻል ወይም ሊጨመርበት ይችላል። ስለዚህ ፍሬ ነገሩ ክሱ ላይ ካለ፣ ግን ተድበስብሶ ከተጻፈ፣ በቃል አብራርቶ ማስመዝገብ ብዙ ጊዜ ይበቃል። ጸሐፊዋ ቃላችሁን በትክክል መመዝገቧን ግን እዚያው አረጋግጡ።

ታዲያ ማሻሻያ የግድ የሚሆነው መቼ ነው? ክሱ ላይ ጨርሶ የሌለ ፍሬ ነገር መግባት ሲኖርበት። የገንዘቡ መጠን ሲቀየር። ያልተጠየቀ ዳኝነት (ፍርድ ቤቱ እንዲወስንላችሁ የምትጠይቁት ነገር) ሲጨመር። ተከራካሪ ሲቀየር ወይም ሲጨመር። ከእነዚህ ውስጥ በጣም የሚጎዳው የዳኝነቱ ነው፤ ምክንያቱም ፍርድ ቤት ያልተጠየቀውን አይሰጥም። ወለድ ካልጠየቃችሁ፣ ክርክሩን ሙሉ በሙሉ ብታሸንፉም ወለድ ላይ ዜሮ ናችሁ።

2. የቀረውን ነገር አሁኑኑ ካላስገባችሁት ምን ይሆናል?

አንዳንዱ «ይቺን ለብቻዋ በሌላ መዝገብ እከሳለሁ» ይላል። ተጠንቀቁ። ቁጥር 216 ከአንድ የክስ ምክንያት የሚመነጨውን ጥያቄ ሁሉ ጠቅልሎ ማቅረብ ግድ ነው ይላል፤ አንዱን ቆርሳችሁ ከተዋችሁት በኋላ ተመልሳችሁ ልትከሱበት አትችሉም። ሌላው ወገንም በቁጥር 5 «ይህ ጉዳይ ፍርድ አግኝቷል» ብሎ ይመጣባችኋል።

አንድ ምሳሌ ይዘን እንሂድ። አንድ የብረት አቅራቢ ድርጅት ለአንድ የሕንፃ ተቋራጭ በአንድ ውል ብረት አቀረበ እንበል። ክሱ ላይ የ8,400,000 ብር ርክክብ ቆጥሮ፣ 2,500,000 ብር ቅድሚያ ክፍያ ቀንሶ፣ ቀሪ 5,900,000 ብር ጠየቀ። ከዚያ የ640,000 ብር ርክክብ ሳይቆጠር መቅረቱ ታወቀ። ውሉ አንድ ነው፣ ያለመክፈሉም ነገር አንድ ነው። ይህች 640,000 ብር አሁን በማሻሻያ ካልገባች ለብቻዋ ስትመጣ የ216 ክርክር ይጠብቃታል። እዚህ ላይ ማሻሻል አማራጭ ሳይሆን ግዴታ ነው ብዬ ነው የማየው።

3. መዝገቡ የት ደርሷል?

ተከሳሹ ገና መልስ ካልሰጠ ደስ ይበላችሁ። ሌላው ወገን የሚጎዳው ነገር የለም፣ መልሱን በተሻሻለው ክስ ላይ ይጽፋል፣ አለቀ። መልስ ገብቶ ክስ ገና ካልተሰማም በአብዛኛው ይፈቀዳል፤ ተከሳሹ መልሱን እንዲያሻሽል ጊዜ ይሰጠዋል፣ እናንተ ምናልባት ለሌላው ወገን የወጪ ኪሳራ ትከፍላላችሁ።

ጭብጥ ከተያዘ በኋላ ጥያቄው ይከብዳል፤ «እስካሁን የት ነበራችሁ?» የሚለው ይመጣል። ምስክር ከተሰማ በኋላ ደግሞ ከባድ ምክንያት ያስፈልጋል፦ ፍሬ ነገሩ የታወቀው አሁን ነው፣ ለምሳሌ ተቋራጩ ራሱ ባቀረበው የሒሳብ መግለጫ ላይ ነው ያየነው፣ ወይም ፍርድ ቤት ባዘዘው የሒሳብ ምርመራ ነው የወጣው። ከፍርድ በኋላ በቃ፤ ይግባኝ ላይ በሥር ፍርድ ቤት ያልተነሣ አዲስ ፍሬ ነገር ማንሣት ቁጥር 329 ይከለክላል።

4. እያሻሻላችሁ ነው ወይስ ሌላ ክስ እየጻፋችሁ?

ዳኛው በልቡ የሚጠይቀው ይህን ነው። ከላይ ባለው ምሳሌ መጠኑን ከ5.9 ወደ 6.54 ሚሊዮን ማሳደግ፣ ወለድ መጨመር፣ የተከሳሹን ስም ማስተካከል፣ ይሄ ሁሉ ያው ክስ ነው። ውሉ ያው፣ ጥሰቱ ያው።

ከሳሹ ግን ዛሬ «ውሉ ይፈጸምልኝ፣ ቀሪው ዋጋ ይከፈለኝ» ብሎ ከርሞ ነገ «ውሉ ይፍረስልኝ፣ ብረቴን መልሱልኝ» ካለ ሌላ ታሪክ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1771 ባለመብቱ እንደ ሁኔታው ውሉ እንዲፈጸም ወይም እንዲሰረዝ መጠየቅ እንደሚችል ይላል፣ ኪሳራም በላዩ ላይ። ሁለቱን በአማራጭ አስቀምጦ መጀመር አንድ ነገር ነው፤ በመሃል መንገድ ከአንዱ ወደ ሌላው መዝለል ግን የተከሳሹን መከላከያ ከሥሩ ይነቅለዋል። ይህን የመሰለ ማሻሻያ ከፈለጋችሁ በጣም ቀድማችሁ ጠይቁ፣ ሁለቱም ጥያቄ ከአንድ ዓይነት ፍሬ ነገር እንደሚነሣም አሳዩ።

በማጭበርበር ወይም በስህተት ውሉ ፈራሽ ነው ወደሚል መዞር ደግሞ ተጨማሪ ወጥመድ አለው፦ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1810 መሠረት እንዲህ ያለው ጥያቄ የውሉ ማፍረሻ ምክንያት ከቀረ በሁለት ዓመት ውስጥ ነው መቅረብ ያለበት።

5. ይርጋውን ቁጠሩ

ለውል የተለመደው ይርጋ (ካለፈ በኋላ መክሰስ የማይቻልበት የጊዜ ገደብ) 10 ዓመት ነው፣ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1845። ለአንዳንድ ጉዳዮች ግን ሕጉ አጫጭር ጊዜ አስቀምጧል፤ ስለዚህ «10 ዓመት አለኝ» ብላችሁ ሳታጣሩ አትተኙ። ክስ ማቅረብ ይርጋን ያቋርጣል፣ ባለዕዳው ዕዳውን ማመኑም እንዲሁ፣ ቁጥር 1851ን እዩ። ጥያቄው ክሱ ላይ ያልነበረው ጥያቄ፣ ወይም ያልተከሰሰው ሰው፣ በመጀመሪያው ክስ ተጠቅሟል ወይ የሚለው ነው። ተቃራኒው ወገን «ለእኔ ይርጋው የሚቆመው ከተጨመርኩበት ቀን ነው» ማለቱ አይቀርም። ጊዜው ቅርብ ከሆነ ዛሬውኑ ማመልከቻ አስገቡ፤ ቀጠሮው እስኪደርስ አትጠብቁ።

6. የገንዘብና የሥልጣን ሒሳብ

መጠኑ ሲያድግ የዳኝነት ክፍያውም ያድጋል፤ ልዩነቱን መክፈል አለባችሁ። ማመልከቻችሁ ላይ «ልዩነቱን ለመክፈል ዝግጁ ነን» የሚል ዓረፍተ ነገር አስገቡ፣ ሬጅስትራሩ ጋር ሄዳችሁም ቀድማችሁ አስገምቱት።

ሥልጣኑ ደግሞ ብዙ ጊዜ ይረሳል። በፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት ከ10,000,000 ብር በላይ የሆነ የፍትሐ ብሔር ክስ የሚታየው በከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ክሳችሁ በመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት 9,700,000 ብር ሆኖ ቆሞ ከሆነና ማሻሻያው 10 ሚሊዮንን የሚያሻግረው ከሆነ፣ በገዛ እጃችሁ የሥልጣን ክርክር ከፈታችሁ ማለት ነው። የሥረ ነገር ሥልጣን (ጉዳዩን የትኛው ደረጃ ፍርድ ቤት ያየዋል የሚለው) ደግሞ ማንም ባያነሣውም ፍርድ ቤቱ ራሱ የሚያነሣው ነገር ነው። የክልል ፍርድ ቤት ከሆነ የክልሉን አዋጅ እዩ፤ ጣሪያው እንደየክልሉ ይለያያል።

7. ማመልከቻውን መጻፍ

ሁለት ወረቀት ነው የምታስገቡት፦ ፈቃድ መጠየቂያ ማመልከቻ፣ ከእሱ ጋር ተያይዞ የተሻሻለው ክስ ረቂቅ። ረቂቁን ሳያያይዙ «ክሴን ላሻሽል ይፈቀድልኝ» ብቻ ብሎ መጻፍ ዳኛውን ዓይኑን ጨፍኖ ይፍቀድ ማለት ነው።

ማመልከቻው አጭር ይሁን። ሁለት ገጽ ካለፈ ክርክር እየጻፋችሁ ነው። እኔ ብጽፈው በዚህ መልክ ነው፦

«ጉዳዩ፦ በፍ/ብ/ሥ/ሥ/ሕ/ቁ. 91 መሠረት የክስ ማመልከቻ እንዲሻሻል ስለመጠየቅ።

1. ከሳሽ በዚህ መዝገብ ያቀረበው ክስ በአንድ የብረት ሽያጭ ውል ላይ የተመሠረተ ሲሆን ቀሪ ዋጋ 5,900,000 ብር እንዲከፈለው ጠይቋል።

2. በክሱ ተራ ቁጥር 4 ላይ የተደረገው ሒሳብ የመጨረሻውን ርክክብ ዋጋ 640,000 ብር ሳይጨምር ቀርቷል። ርክክቡን የሚያሳየው ሰነድ በተከሳሽ መጋዘን ኃላፊ የተፈረመ ሲሆን ከዚህ ማመልከቻ ጋር ተያይዟል።

3. ስለዚህ በተራ ቁጥር 4 «5,900,000 ብር» የሚለው «6,540,000 ብር» ተብሎ፣ በዳኝነት ክፍሉም «ከማስጠንቀቂያው ቀን ጀምሮ ከሚታሰብ በዓመት 9 በመቶ ሕጋዊ ወለድ ጋር» የሚል ተጨምሮ እንዲሻሻል እንጠይቃለን።

4. ማሻሻያው የክሱን ምክንያት አይቀይርም፤ ተከሳሽም መልስ ለመስጠት በቂ ጊዜ ስለሚኖረው አይጎዳም። የዳኝነት ልዩነቱን ለመክፈል ዝግጁ ነን።»

ይሄው ነው። ሦስተኛዋን ነጥብ ልብ በሉ፤ የድሮው ቃል፣ አዲሱ ቃል፣ ቦታው። ዳኛው መዝገቡን ገልጦ ተራ ቁጥር 4ን አይቶ በአንድ ደቂቃ ይገባዋል። «ክሱ በአጠቃላይ ተሻሽሎ ይቅረብ» የሚል ማመልከቻ ግን ምን እየተደበቀ እንደሆነ ያስጠረጥራል፣ ተቃዋሚውም ያንን ነው የሚያራግበው።

ስለ ወለዱ አንድ ነገር። 9 በመቶው የሚመጣው ከፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1751 ነው፤ ውላችሁ ላይ ሌላ መጠን ካለ እሱን ነው የምትጽፉት። ገንዘብ መክፈል የዘገየ ባለዕዳ፣ ባለገንዘቡ ጉዳት ደረሰብኝ ብሎ ባያስረዳም እንኳ ወለድ እንደሚከፍል ቁጥር 1803 ይናገራል። በምሳሌያችን 6,540,000 ብር ላይ የአንድ ዓመት ወለድ 588,600 ብር ይሆናል። ክርክር ሦስት ዓመት ቢፈጅ ይህን አንድ መስመር ዘንግቶ መቅረት ስንት እንደሚያስከፍል ራሳችሁ አባዙት። መቁጠሪያው የሚጀምረው ከማስጠንቀቂያው ስለሆነ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤውና መድረሱን የሚያሳየው ወረቀት ከሰነዶቹ ጋር መኖሩን አረጋግጡ።

ለምን እንደዘገያችሁ የምትገልጹበት አንቀጽ ላይ እውነቱን ጻፉ። «በማናውቀው ምክንያት» አይበላም። «ሰነዱ በቅርንጫፍ መጋዘን ፋይል ውስጥ ነበር፣ የዓመቱ ሒሳብ ሲዘጋ ነው የተገኘው» ይበላል፣ እውነት ከሆነ። ውሸት ከሆነ ደግሞ የመጋዘኑ ሠራተኛ ምስክር ሆኖ ሲመጣ ይወጣባችኋል።

8. የተሻሻለው ክስ ራሱ

ሙሉ ክስ ሆኖ መጻፍ አለበት። ቅጥያ ብቻ አታስገቡ፤ ከተፈቀደ በኋላ ክርክሩ የሚካሄደው በአዲሱ ላይ ነው፣ ዳኛው ሁለት ክስ እያገጣጠመ እንዲያነብ አታድርጉት። ርዕሱ ላይ «የተሻሻለ ክስ» በሉት፣ የመዝገቡን ቁጥር አስፍሩ፣ የተለወጡትን መስመሮች አስምሩባቸው። ተራ ቁጥሮቹን እንዳሉ ተዉአቸው። አዲስ አንቀጽ ከመጣ 4ሀ፣ 4ለ እያላችሁ ግቡ እንጂ ሁሉንም አትግፉ፤ አለበለዚያ የተከሳሹ መልስ «የክሱ ተራ ቁጥር 7» ሲል የትኛው 7 እንደሆነ ማንም አያውቅም።

መጨረሻ ላይ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 92 መሠረት የእውነትነት ማረጋገጫው እንደገና ይጻፋል፣ ይፈረማል። የድሮው ፊርማ አዲሱን አይሸፍንም። የማስረጃ ዝርዝሩም ይታደሳል። ኮፒው በተከሳሾቹ ቁጥር ልክ ነው፣ ለፍርድ ቤቱም አንድ።

ጠበቃው ወይም ነገረ ፈጁ የሚፈርም ከሆነ ውክልናውን አውጡና አንብቡት። «ክስ ለማቅረብ፣ ክስ ለማሻሻል፣ ለመታረቅ» የሚሉት ተዘርዝረው እንደሆነ እዩ። ተከራካሪ ጠበቃ መጀመሪያ የሚነክሰው እዚያ ጋ ነው።

ሌላ ፈተና ደግሞ እዚህ ላይ አለ፦ እግረ መንገዱን ሁሉንም ነገር ማሳመር። ቋንቋው አልጣመኝም፣ ይህንን አንቀጽ ላጠንክረው፣ ያንን ላለስልሰው... ተዉ። የማያስፈልግ ለውጥ ሁሉ ለተቃዋሚው የመቃወሚያ ነጥብ ነው። በተለይ በመጀመሪያው ክስ ያመናችሁትን ነገር በማሻሻያ ሹልክ አድርጎ ማውጣት አይሠራም፤ የድሮው ክስ ከመዝገቡ አይጠፋም፣ በመስቀለኛ ጥያቄ ይነበብላችኋል።

9. ተከራካሪው ስሙ የተሳሳተ ከሆነ

በንግድ ጉዳይ ይህ ለብቻው መነሣት አለበት። ደረሰኙም፣ ማኅተሙም፣ በሩ ላይ ያለው ታፔላም የንግድ ስም ነው የሚያሳየው። ክሱ በዚያ ስም ይገባል። በኋላ ሲጣራ ያ ስም የአንድ ግለሰብ ነጋዴ የንግድ ስም ሆኖ ይገኛል፣ ራሱን የቻለ ሰውነት የለውም። ወይም ደግሞ በተቃራኒው ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ሆኖ ሥራ አስኪያጁ በግሉ ተከሷል። ማስተካከያው በቁጥር 40 በኩል ነው፤ በስህተት የገባው ይወጣል፣ መግባት የነበረበት ይገባል።

ከማመልከቻው በፊት ንግድ ምዝገባ ሄዳችሁ የምዝገባ ማስረጃውን ጠይቁ። ሙሉ ስሙ፣ የምዝገባ ቁጥሩ፣ ሥራ አስኪያጁ ማን እንደሆነ። ይህን ይዛችሁ «ያው ሰው ነው፣ ስሙ ብቻ ነው የተሳሳተው» ማለት ከቻላችሁ ነገሩ ቀላል ነው። ጨርሶ ሌላ ሰው ከሆነ የምትጨምሩት ግን አዲስ መጥሪያ፣ አዲስ መልስ፣ ምናልባትም የይርጋ ክርክር አለ።

10. ተከሳሽ ከሆናችሁ

ቁጥር 91 የሁለታችሁም ነው። መልስ ላይ በብዛት የሚረሱት ሁለት ነገሮች ናቸው፤ በዝርዝር አለመካድ እና የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ።

ክሱ ላይ የተባለውን ፍሬ ነገር አንድ በአንድ ካልካዳችሁ እንዳመናችሁ ይቆጠራል፣ ቁጥር 83 እና 235 ይህንን ነው የሚሉት። «ክሱ ሐሰት ነው» የምትል አንድ መስመር መልስ አይደለችም። እንዲህ ያለ መልስ አስገብታችሁ ከሆነ ክስ ከመሰማቱ በፊት አሻሽሉት።

መቃወሚያው ይባስ የቸኮለ ነው። ይርጋ፣ የግልግል ስምምነት፣ በሌላ ፍርድ ቤት የተያዘ ጉዳይ፣ በቁጥር 244 የተዘረዘሩት በመጀመሪያው አጋጣሚ ካልተነሡ እንደተተዉ ይቆጠራሉ፤ እንደ ሥረ ነገር ሥልጣን ያለ፣ ሕጋዊ ፍርድ እንዳይሰጥ የሚያደርግ ምክንያት ካልሆነ በቀር። የንግድ ውል ውስጥ የግልግል አንቀጽ መኖሩ የተለመደ ነው፤ ውሉን እስከ መጨረሻው ገጽ ሳያነቡ መልስ የሚጽፉ ሰዎች ግን አሉ። ከረፈደ በኋላ በማሻሻያ ስም ይህንን ማስገባት አይቻልም ባይባልም፣ ተከራክራችሁበት ከርማችሁ ከሆነ ተስፋ አታድርጉ። አንድ ዕድል አለ፦ ከሳሹ ክሱን ሲያሻሽል አዲስ በገባው ክፍል ላይ አዲስ መቃወሚያ ማንሣት ትችላላችሁ። 640,000 ብሯ በይርጋ ታግዳ ከሆነ ለምሳሌ።

የተከሳሽ ከሳሽነት ማቅረብ ረስታችሁ ከሆነ (ብረቱ ጉድለት ነበረው፣ ሥራው ዘገየብን፣ ኪሳራ አለብን የሚል) ማሻሻያ ጠይቁ። የዳኝነት እንደሚከፈልበት አትርሱ። ካልተፈቀደ በተለየ መዝገብ መክሰስ ይቻላል፣ ግን ሁለት መዝገብ ሁለት ወጪ ነው።

የከሳሹን ማሻሻያ መቃወምስ? ሁሉንም አትቃወሙ። ስሌት ማስተካከያን መቃወም ዳኛውን ማሰልቸት ነው። የክሱ ባሕርይ ሲቀየር፣ ይርጋ ያለፈበት ነገር በጓሮ ሲገባ፣ ምስክሮቻችሁ ተሰምተው ካለቁ በኋላ ፍሬ ነገሩ ሲለወጥ፣ ያኔ ተቃወሙ። ፍርድ ቤቱ የሚፈቅድ ከሆነም ሦስት ነገር ጠይቁ፦ የመልስ ማሻሻያ ጊዜ፣ ተጨማሪ ማስረጃ የማቅረብ መብት፣ በማሻሻያው ምክንያት ለወጣው ወጪ ኪሳራ። በትክክል የወጣውን ወጪ በደረሰኝ አስደግፋችሁ ከጠየቃችሁ የማግኘት ዕድላችሁ ይሻላል።

11. ትዕዛዙ ሲሰጥ

ከተፈቀደ ቀኑን ጻፉት። ፍርድ ቤቱ «እስከዚህ ቀን አሻሽላችሁ አቅርቡ» ይላል፤ ቀኑ ካለፈ ፈቃዱን በገዛ እጃችሁ ጣላችሁት። ከተፈቀደው በላይም አትጨምሩ። ትዕዛዙ መጠኑንና ወለዱን ብቻ ከፈቀደ፣ ክሱ ላይ የሞራል ካሣ ብቅ ካለ ተከሳሹ ያያል፣ ዳኛውም ያያል።

ካልተፈቀደ ወዲያው ይግባኝ አይባልም። ቁጥር 320 ንዑስ ቁጥር 3 በክርክሩ መሃል በሚሰጡ ትዕዛዞች ላይ ለብቻ ይግባኝ አይፈቅድም፤ በዋናው ፍርድ ላይ ይግባኝ ስትሉ እንደ አንድ ቅሬታ ታነሡታላችሁ። ለዚያ ቀን እንዲጠቅማችሁ ማመልከቻው፣ የተያያዘው ረቂቅና የእምቢታው ትዕዛዝ በጽሑፍ መዝገቡ ውስጥ መኖራቸውን አረጋግጡ። በቃል ጠይቃችሁ በቃል ተከልክላችሁ ከሆነ ይግባኝ ሰሚው ፊት የምታሳዩት ነገር አይኖራችሁም።

ሌላው መውጫ ክሱን በቁጥር 278 መሠረት አንሥቶ እንደገና መክሰስ ነው። ይህ የሚያዋጣው ክሱ ከመሠረቱ ተበላሽቶ ሲሆንና መዝገቡ ገና ጅምር ላይ ሲሆን ነው። ሲያነሡ «እንደገና የመክሰስ መብቴ ተጠብቆ» የሚል ፈቃድ በትዕዛዙ ውስጥ መግባት አለበት፤ ያለዚያ በሩን ከውጭ ቆልፋችሁ ቁልፉን ውስጥ ረሳችሁት ማለት ነው። ከማንሣታችሁ በፊት ይርጋውን እንደገና ቁጠሩ፣ የመጀመሪያው ክስ ጨርሶ እንዳልነበረ አድርጋችሁ። አዲስ የዳኝነት ክፍያና የተከሳሹ ኪሳራም አለ። የእግድ ትዕዛዝ አሰጥታችሁ ከነበረ መዝገቡ ሲዘጋ እሱም አብሮ እንደሚነሣ አስቡበት፤ በእግድ የተያዘው የተቋራጩ የባንክ ሒሳብ በዚያችው ቀን ነፃ ይሆናል፣ አዲሱ ክስ ተከፍቶ አዲስ እግድ እስኪወጣ ድረስ ውስጡ ምን እንደሚቀር ማንም ሊነግራችሁ አይችልም።